የብሮድስኪ ኮከብ

ወዳጆቼ፣ እንኳን ለብርሃነ ልደቱ በሰላም አደረሳችሁ!

እዚህ ባህር ማዶ ገና ዋዜማ ነው። ማታውን የጆሴፍ ብሮድስኪን ግጥም ሳነብ አመሸሁ። እስቲ ስለዚህ ሩሲያዊ ትንሽ ላውጋችሁ።

እ.ኤ.አ. በ1940 ሌኒንግራድ ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለደ። በ15 ዓመቱ ትምህርቱን ትቶ ፋብሪካ ገባ፤ አስከሬን ክፍልም ሠርቷል። በ1964 «ሥራ ፈት» ብለው ከሰሱት። ዳኛዋ «ከገጣሚዎች ጋር ማን ቆጠረህ?» አለችው። «ማንም። ከሰው ልጆች ጋርስ ማን ቆጠረኝ?» አላት። 23 ዓመቱ ነበር! አምስት ዓመት ፈርደው በሰሜን ሩሲያ ኖሬንስካያ ወደምትባል መንደር አጋዙት። ዓመት ተመንፈቅ ቆይቶ ተፈታ። በ1972 ግን ከአገሩ አስወጡት፤ አሜሪካ ገባ።

እኔን የሚያባባኝ ከዚያ ወዲህ ያለው ነው። ወላጆቹ «ልጃችንን እንየው» እያሉ ለዓመታት ደጅ ጠኑ። መንግሥት እንቢ አለ። እናቱ በ1983፣ አባቱ በ1984 አረፉ። አንድ ልጃቸው አልቀበራቸውም። ከተለያዩ ጀምሮ ድምፅ ለድምፅ የሚሰማሙት በስልክ ብቻ ነበር።

ብሮድስኪ ቤተ ክርስቲያን ሳሚ አልነበረም። ሆኖም ከወጣትነቱ ጀምሮ ገና በመጣ ቁጥር አንድ ግጥም ለመጻፍ ይጥር ነበር። ከሁሉም የምወደው ዲሴምበር 24 ቀን 1987 የጻፈውን ነው። ኖቤል በተቀበለ በሁለት ሳምንቱ መሆኑ ነው። ሕፃኑ ዋሻ ውስጥ ተኝቷል። ሁሉም ነገር ይገዝፍበታል፤ የእናቱ ጡት፣ ከበሬው አፍንጫ የሚወጣው እንፋሎት፣ ስጦታ ይዘው የመጡት ሰብአ ሰገል። እሱ ነጥብ ነው፤ ኮከቡም ነጥብ ነው። ኮከቡ ከዓለም ሌላኛው ዳርቻ ሆኖ፣ ዓይኑን ሳይነቅል ያየዋል። ያ እይታ የአባት እይታ ነው ይላል።

አባቱ ከሞተ ሦስት ዓመቱ ነበር። ሌላው ሰው እንደፈለገ ያንብበው፤ እኔ እዚያ ኮከብ ላይ ልጁን ሳያይ የሞተውን የሌኒንግራዱን አባትም አያለሁ።

ሪያድ፣ ቤይሩት፣ ዋሽንግተን፣ ቴል አቪቭ ሆናችሁ በዓሉን በስልክ የምታሳልፉ ሁሉ፣ ዛሬ በጣም አስቤያችኋለሁ። መልካም ገና ይሁንላችሁ።

አገር ቤት ነግቷል። እናቴ ከቅዳሴ ተመልሳ ጾሟን እየገደፈች ይሆናል። ልደውልላት።