ለአያቴ ክፍል አንድን ስተረጉም

አያቴ የሚኖሩት ሱሉልታ ነው። ማታ ብርዱ አጥንት ይሰብራል፤ ጋቢ ተከናንቦ ድራማ ከማየት ሌላ ሥራ የለም። በአማርኛ ድምፅ የተሠሩትን አይተን ጨርሰናል። እኔም ልቤ አብጦ፣ «አውትላንደር» የሚባለውን የእንግሊዝኛ ድራማ እየተረጎምኩ ላሳያቸው ብዬ ላፕቶፔን ከፈትኩ። የአንድ ሰዓቱ ክፍል ሦስት ሰዓት ፈጀብን። መብራት ሁለቴ መጥፋቱ ሳይረሳ።

መጀመሪያ ቃል በቃል ልተርጉም አልኩ። እኔ ሳወራ ቀጣዩ ንግግር ያመልጠኛል። «እሷ ታውራ ወይስ አንቺ?» አሉኝ። ከዚያ ትዕይንቱ ሲያልቅ እያቆምኩ ባጭሩ መንገር ጀመርኩ።

ዓመቱም አስቸገረኝ። ዋናዋ ገጸ ባሕሪ ክሌር በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የጦር ሜዳ ነርስ ነበረች። ጦርነቱ ሲያበቃ፣ በ1945፣ ከባሏ ጋር ስኮትላንድ ለሁለተኛ ጫጉላ ትሄዳለች። ቁጥሩን ስነግራቸው ዝም። «በኛ 1938፣ ጣልያን ከወጣ በአምስተኛው ዓመት» ስል፣ «እኔ የተወለድኩበት!» አሉ። ድንጋይ ነክታ በጊዜ ወደ ኋላ፣ ወደ 1743 ስትወረወር ደግሞ ብልጥ ሆኛለሁ፦ «እቴጌ ምንትዋብ ጎንደር ላይ እያሉ።»

«ቁስቋምን ያሠሩት?»

«አዎ።» በቃ፣ ገባቸው።

የምትነካውን ድንጋይ «ትልቅ ድንጋይ» ብዬው ነበር። «ትክል ድንጋይ አትይም? እንደ ጢያ» ብለው አረሙኝ።

ትልቁ ጥፋቴ ቀይ ኮት የለበሰው የእንግሊዝ መኮንን ላይ ነው። «ባሏ መጣላት!» ብለው ደስ አላቸው። ሰውየው የባሏ የሩቅ ቅድመ አያት ነው፤ ሁለቱንም የሚጫወተው አንድ ተዋናይ ነው። ይሄን ቀድሜ መናገር ነበረብኝ። ሲተናኮላት ላፕቶፑን ሊዘጉብኝ ምንም አልቀራቸው።

ያዳኗት ስኮቶች እርስ በርስ በራሳቸው ቋንቋ፣ በጌሊክ፣ ያወራሉ። ሰብታይትል የለውም።

«ምን አሉ?»

«እኔም አላውቅም። እሷም አታውቅም።»

አያቴ መነጽራቸውን አስተካክለው ፊታቸውን ማየት ጀመሩ። «ይሄ ራሰ በራው አላመናትም» አሉ። ልክ ናቸው። ያን ሁሉ ስለፈልፍ ለካ ፊት እንዳያዩ ከልክያቸው ኖሯል።

ከዚያ የአንዱ ስኮት፣ የጄሚ፣ ትከሻ መጣ። ወልቋል፤ ጓደኞቹ በጉልበት ሊመልሱት ነው። የአያቴ እናት ወጌሻ ነበሩ። አያቴ ጋቢያቸውን ጥለው የራሳቸውን ክንድ ያዙ። «ይሰብሩታል! መጀመሪያ ክንዱን ማዞር ነው!» ክሌርም ይህንኑ ብላ ገፋ አድርጋቸው ገባች። ክንዱን ይዛ አዞረችው፣ ትከሻው ቀጭ ብሎ ገባ። አያቴ «እሰይ!» አሉ። እኔ አንድ ቃል አልተረጎምኩም።

የስኮቶቹ ግንብ ሲደርሱ ክፍሉ አለቀ።

«ባሏስ አሁን የት ነው?»

«ገና አልተወለደም።»

አሰቡ። «እንግዲያ እሷም አላገባችማ» አሉና ጋቢያቸውን ሰበሰቡ። «በይ፣ ቀጣዩን ክፈቺው።»