ለበሬ የተበጠበጠ፣ ፈረስ ላይ የተረጨ

ከማክማቸው የተመረዙ የጋሪ ፈረሶች ብዙዎቹ የሚጎዱት በግጦሽ ሳይሆን በመርጫ ነው። ለበሬ የተበጠበጠው የመዥገር መድኃኒት ሲተርፍ ፈረሱ ላይ ይረጫል። ለሕክምና ስጠራ ታዲያ አስቀድሜ የምጠይቀው የመድኃኒቱን ዕቃ ነው፦ ከሁለቱ የመዥገር መድኃኒቶች የትኛው ነው፣ ዲያዚኖን ወይስ አሚትራዝ? በሃይላንድ ተቀንሶ ከተገዛ መልስ የለም። ሻጩ ስሙን በእስክርቢቶ ጽፎ ቢለጥፍበት ግማሹ ሥራ ባለቀ ነበር።

ስሙ ካልታወቀ ምልክቱን አያለሁ። በዲያዚኖን የተመረዘ ለሃጩ ይዝረበረባል፣ ያልበዋል፣ ይቀዝናል፣ ጡንቻው ይንቀጠቀጣል፣ የዓይኑ ብሌን ይጠባል። አሚትራዝ ግን ያፈዘዋል፤ ይንገዳገዳል፣ ጎኑ ላይ ጆሮ ቢለጠፍ የአንጀት ድምፅ አይሰማም። ሁለቱን መለየት ግድ ነው፤ የዲያዚኖን ማርከሻ አትሮፒን ነው፣ አትሮፒን ደግሞ አንጀት ስለሚያስር በአሚትራዝ የደከመውን ጨርሶ ያቆመዋል።

ቆዳው ላይ ያለውን ጓንት አጥልቄ በቀዝቃዛ ውሃና በዕቃ ማጠቢያ ሳሙና ደጋግሜ አጥባለሁ። ሙቅ ውሃ የቆዳውን ደም ሥር ስለሚከፍት መርዙን ያስገባዋል። ዓይኑን በንጹሕ ውሃ ብቻ።

ወተትና ዘይት መጋት ይቅር። ፈረስ አያስታውክም፤ የተጋተው ሳንባው ከገባ ከመርዙ የተረፈው በሳንባ ምች ይሞታል። መርዙን ውጦት ከሆነ ለመድኃኒት የተዘጋጀ የከሰል ዱቄት (የምድጃው አይደለም) በኪሎ ክብደት ከ1 እስከ 2 ግራም እሰጣለሁ። ለ250 ኪሎ ፈረስ ከ250 እስከ 500 ግራም ማለት ነው፤ በውሃ በጥብጬ፣ በአፍንጫ ቱቦ እስከ ጨጓራው። ይህ የሐኪም ሥራ ነው።

አሚትራዝ የነካው ፈረስ በማግስቱ ነቃ ሲል ባለጋሪው ያጠምደዋል፤ የአንጀት ድርቀቱና ቁርጠቱ ግን ዘግይቶም ይመጣል። ስለዚህ ሦስት ቀን ያህል ፋንድያው ይታያል። ፋንድያ ካቆመ መኖ ይነሳል፣ ውሃ ይቀርባል፣ ሐኪም ይጠራል። የልብ ምቱ ጤነኛ ሲሆን በደቂቃ ከ28 እስከ 44 ነው፤ ከ60 ካለፈ ለነገ አይባልም።

የፈረስ መዥገር በእጅ ይለቀማል፤ ካስፈለገም ለፈረስ የሚል ጽሑፍ ያለበት ፐርሜትሪን የሚባል የመዥገር መድኃኒት አለ። የበሬው መርጫ ቢታጠብም ቱቦው ውስጥ ስለሚቀር ለፈረስ አላስነካም።

መኖ ሲገዛ ደግሞ የዶሮ መኖ የነበረበት ጆንያ ይጣላል። አንዳንዱ የዶሮ መኖ ሞኔንሲን የሚባል የዶሮ በሽታ መከላከያ መድኃኒት አለበት፤ በኪሎ ክብደት ከ2 እስከ 3 ሚሊግራም ፈረስ ይገድላል። ማርከሻ የለውም፤ የልብ ጡንቻ ስለሚጎዳ የተረፈው ፈረስም ከወራት በኋላ ጋሪ እየጎተተ ሊወድቅ ይችላል።