ፊቴ ሳይታይ ራሴን የቀረጽኩበት የዕለት ማስታወሻ ፊልም

ከሥዕል ወደ ሙከራዊ የማስታወሻ ፊልም፣ ማለትም የራስን ሕይወት እንደ ዕለት ማስታወሻ ወደሚመዘግብ ፊልም የተሻገራችሁ ባልደረቦቼ፣ ከፊልሜ አንዱ ረዘም ያለ ክፍል ፊቴ አንድም ጊዜ ሳይታይበት እኔን የሚመስል ሆኖ በመጠናቀቁ የተሰማኝን ደስታ ላካፍላችሁ ወደድኩ። ቅንብርና ብርሃን ለሠዓሊ እንግዳ ስላልሆኑ ስለ መጀመሪያው የካሜራ ትምህርት ብዙ አልልም።

የከበደኝ ሌንሱን ወደ ራሴ ማዞሩ ነበር። በመስታወት ራሱን የሚሥል ሰው አስተካክሎ የጀመረው አቋም ሰዓታት ሲያልፉ በድካም ይፈታል፤ ሸራው ላይ የሚቀረውም ያ የተፈታው ሰው ነው። ካሜራ ግን ቅጽበቱን ወዲያው ስለሚወስድ አቋሙ ከመፈታቱ በፊት ቀረጻው ያልቃል። የስልክ ካሜራ ደግሞ ምስላችንን በስክሪኑ መልሶ እያሳየን በየሰከንዱ ራሳችንን እንድናርም ያደርገናል። በዚህ መንገድ የተቀረጸን ነገር የዕለት ማስታወሻ ብዬ ለመጥራት እቸገራለሁ።

መፍትሔ የሆነኝ በሞላ የሚሠራ ባለ 16 ሚሊሜትር የቦሌክስ ካሜራ ነው። አንዴ ተጠምዝዞ በሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ሲቀርጽ ግማሽ ደቂቃ ሳይሞላ ይቆማል፤ 30 ሜትር ገደማ የሚሆነው የፊልም ጥቅልም ሦስት ደቂቃ አይደርስም። የቀረጽኩት ፊልሙ ታጥቦ እስኪመለስ ድረስ ስለማይታየኝ ራሴን የማርምበት ዕድል የለም። ፍሬም በፍሬም መቅረጽም ስለሚቻል፣ ምን ላይ እንደቆየሁ፣ ከምን ፈጥኜ እንደሸሸሁ፣ እጄ መቼ እንደተንቀጠቀጠ ሁሉ ምስሉ ውስጥ ይቀራል። ከሊቱዌኒያ ተሰዶ በ1949 እ.ኤ.አ. ኒው ዮርክ የገባው የማስታወሻ ፊልም ሠሪ ዮናስ ሜካስ በቦሌክስ ሕይወቱን ሲመዘግብ አብዛኛውን ጊዜ ከካሜራው ኋላ ነበር፤ ሆኖም የሚቆራረጠውና የሚጣደፈው ምስል የማን እንደሆነ ተመልካቹ አይስተውም።

ይህ ሲባል ሰውነትን መደበቅ ግዴታ ነው ማለቴ አይደለም። ሠዓሊዋ ካሮሊ ሽኒማን ከ1964 እስከ 1967 እ.ኤ.አ. በሠራችው ፊልም ራሷንና የሕይወት አጋሯን ያለ ካሜራ ባለሙያ ቀርጻለች፤ ከዚያም ፊልሙን በቀለም ቀብታዋለች፣ ፍቃዋለች። የሚታየው አካልና ቀለም የሚቀባው እጅ የአንዲት ሴት በመሆናቸው፣ ራስን በማሳየት ረገድ ለእኛ ለሠዓሊዎች ከዚህ የቀረበ መንገድ የለም ብዬ አምናለሁ። እኔም አሁን በታጠበው ፊልም ላይ በመርፌ መፋቅ ጀምሬያለሁ።

ቦሌክስ ለማግኘት የሚቸገር የስልኩን ስክሪን በወረቀት ሸፍኖ ይቅረጽ፤ የቀረጸውንም ሳይከፍት ለሳምንታት ያቆየው። ትረካ ለመጨመር የሚፈልግ ደግሞ ምስሉን መልሶ ከማየቱ በፊት ድምፁን ይቅዳ፤ ካየ በኋላ የሚናገር ሰው ምስሉን ወደ ማብራራት ያዘነብላልና።

የታመምኩባቸውን ቀናት ጥቅሎች ግን እስካሁን ፊልሙ ውስጥ ለማስገባት አልደፈርኩም። እጄ በእነዚያ ምስሎች ውስጥ ከሌላው ሁሉ ይልቅ እውነተኛ እንደሆነ አውቃለሁ፤ ሌሎች እንዲያዩት ግን ገና አልፈቀድኩም። እንዲህ ያለ ቀረጻ ያላችሁ፣ ለማሳየት እንዴት እንደወሰናችሁ ብትጽፉልኝ በጥሞና አነበዋለሁ።