ሞቷል ብዬ የነቀልኩት

ሜሪላንድ ውስጥ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ አካባቢ፣ የሰው ጓሮ እየተንከባከብኩ ነው የምኖረው። እዚህ ላንድስኬፒንግ ይሉታል። እናቴ ዳንግላ ሆና "ታዲያ የሰው አረም ታርማለህ በለኛ!" ትለኛለች። ልክ ናት።

የገበሬ ልጅ ነኝ። ስለ ተክል የሚያስተምረኝ ሰው አያስፈልገኝም ብዬ ነው ሥራውን የጀመርኩት። ጉድ ያፈላብኝም ይኸው ነው።

ነገሩ የሆነው በሁለተኛው ዓመቴ ነው። ማርች ሊያልቅ ጥቂት ቀናት ቀርተውታል። ያን ሰሞን ስልክ አያርፍም። ሰው ሁሉ ጓሮው በአንድ ሳምንት ውስጥ እንዲጸዳለት ይፈልጋል። በቀን አራት አምስት ቤት እንዞራለን። ቅጠል ማፈስ፣ የደረቀ መቁረጥ፣ መልች (አፈሩን የሚሸፍን የእንጨት ፍርፋሪ) ማልበስ፣ ወደሚቀጥለው መሮጥ። (የብርዱን ወራት "ክረምት" ብዬ ልጽፍ ነበር፣ ተውኩት። የእኛ ክረምት ምድሩ ሁሉ የሚለመልምበት ነው። የእነሱ ደግሞ ሁሉም ነገር የሞተ የሚመስልበት።)

የዚያን ቀን አለቃችን ሌላ ቤት ነበሩ። ጋሼ ነው የምንላቸው፤ ሥራው ላይ ከሃያ ዓመት በላይ የቆዩ ሰው ናቸው። በስልክ ያዘዙን በአጭሩ ነው፦ "የሞተ ነገር ካለ አንሱ፣ መልች አልብሱ፣ ውጡ።" የቤቱ ባለቤት ጡረታ የወጡ አስተማሪ ናቸው። እሳቸውም ልጃቸው ጋ ሄደዋል። የነበርነው እኔና አንድ የኤል ሳልቫዶር ሰው ብቻ ነን።

ከአጥሩ ጥግ ላይ አንድ ነገር አየሁ። ከመሬት አንድ ጣት የማይሞሉ፣ ከሰል የመሰሉ የአገዳ ጉቶዎች። አገዳዎቹ ራሳቸው ተሰብረው፣ ነፋስ አንከባሏቸው አጥሩ ሥር ተከምረዋል። ዙሪያውን ዳፎዲል የሚሉት አበባ ቢጫ ሆኖ ፈክቷል። እዚያች ቦታ ላይ ግን አንዲት አረንጓዴ ነገር የለችም። ከተከመረው አገዳ ብዛት ስገምት ወገቤ የሚደርስ ቁጥቋጦ ነበር። ቁጥቋጦ መሞቱን ለማወቅ ደግሞ የሥራው ዘዴ አለ። ልጡን በጥፍር ትፍቀዋለህ፤ ከሥሩ አረንጓዴ ከወጣ ሕይወት አለው። ፋቅሁት። ደረቅ። ሌላውን ፋቅሁ። እሱም ደረቅ።

"ይሄ አልቆለታል" አልኩና አካፋ አነሳሁ።

አካፋው ገባና ቆመ። ድንጋይ መሰለኝ። በሌላ ጎን ሞከርኩ፣ ያው ነው። ዶማ አመጣሁ። ያ ጓደኛዬ ቆሞ አየኝና ጭንቅላቱን ነቀነቀ። በስፓኒሽ የሆነ ነገር አለ፤ አልገባኝም። ቢገባኝም የምሰማው አይመስለኝም። እልህ ይዞኛል። ሥሩ ክንዴን ያህል ይወፍራል፤ እንደ እንጨት ጠንክሮ ቁልቁል ይወርዳል። አርባ አምስት ደቂቃ ፈጀብኝ። መጨረሻ ላይ ታችኛውን ክፍል ማውጣት ሲያቅተኝ በዶማ ቆርጬ ጣልኩት።

አሁን የምጽፈውን ለጋሼም መጀመሪያ አልነገርኳቸውም። የሥሩን ጉንድ ገልብጬ መኪና ላይ ስወረውር፣ አናቱ ላይ የትንሽ ጣት ጥፍር የሚያካክሉ፣ ሮዝ ወደ ሐምራዊ የሚወስዳቸው እንቡጦች ተደርድረው አይቻለሁ። አይቼ ዝም አልኩ። ልቤ ምን እንደሆኑ ያውቃል። ግን አርባ አምስት ደቂቃ ለፍቻለሁ፣ ላቤ ተንጠፍጥፏል፣ ሦስት ቤት ይቀረናል። መልቹን ዘረጋሁበት። ቦታው አልጋ መሰለ።

ኤፕሪል አጋማሽ ላይ ጋሼ ጠዋት ጠሩኝ።

"አንተ፣ የአስተማሪዋ ቤት ጥግ ላይ ምን ነበር?"

"የሞተ ቁጥቋጦ ነበር ጋሼ።"

"ሥሩስ?"

"ሥሩ... ጠንካራ ነበር።"

"የሞተ ነገር ሥሩ ይጠነክራል?"

መልስ የለኝም። ሴትዮዋ በየዓመቱ በታክስ ቀን (ኤፕሪል አጋማሽ ላይ የዓመቱ ግብር ማሳወቂያ የሚያበቃበት ቀን ነው) ሰሞን ቡናቸውን ይዘው እዚያ ጥግ ይቆማሉ አሉኝ። አፈሩን ሰንጥቆ የሚወጣውን ቡቃያ ለማየት። ዘንድሮም ወጥተው ቆሙ። ያገኙት መልች ነው።

ተያይዘን ሄድን። መኪና ውስጥ ጋሼ አንድ ቃል አልተናገሩም። ሴትዮዋ ይጮሁብኛል ብዬ ነበር፤ አልጮሁም። ቢጮሁ ይሻለኝ ነበር። ወንበር ስበው አስቀመጡንና ስለ ተክሉ ይነግሩኝ ጀመር፤ ልክ ክፍል ውስጥ እንዳለ ተማሪ።

ፎልስ ኢንዲጎ ይባላል። ሐሰተኛው ኢንዲጎ እንደማለት ነው። የእጽዋት ሊቃውንት ደግሞ ባፕቲዥያ ኦስትራሊስ ይሉታል። "ባፕቲዥያ" መንከር ከሚል የግሪክ ቃል የመጣ ነው አሉኝ፤ ጨርቅ ቀለም ውስጥ መንከር። እዚህ አገር የቼሮኪ ሕዝብ ሰማያዊ ቀለም ያወጣበት ነበር፤ ከአውሮፓ የመጡት ሰፋሪዎችም እውነተኛው ኢንዲጎ ሲቸግራቸው በእሱ ይተኩ ነበር፤ ቀለሙ ግን የዋናውን ያህል አይደለም። ጥምቀት ለሚለው የእንግሊዝኛ ቃልም ሥሩ ያው ግሪኩ ነው። የዲያቆን ወንድም ነኝና ይቺኛዋ ገባችኝ። የነቀልኩት ነገር ስሙ እንዲህ መሆኑ ግን አላጽናናኝም።

ቤቱን በገዙበት ዓመት ባላቸው በአንዲት ትንሽ ማሰሮ ገዝተው የተከሉት ነው። ሃያ ሁለት ዓመቱ። ባላቸው አርፈዋል።

ከዚያ የአበባውን ፎቶ አሳዩኝ። ፎቶውን ሳይ ደነገጥኩ። ግብጦ ነው! ግብጦ አይደለም፤ ግን ቁርጥ ግብጦ። ያው ቀጥ ያለ ዘንግ፣ ያው የአተር አበባ የመሰለ ሰማያዊ ከታች ወደ ላይ የተደረደረበት። ቅጠሉ ብቻ ይለያል፤ እንደ ማገጥ ሦስት ሦስት ነው። ዘመዳሞች ናቸው፤ ሁለቱም ከአተርና ከባቄላ ወገን። እኔ ግብጦ ማሳ ውስጥ ከብት ስመልስ ያደግሁ ልጅ የግብጦን ዘመድ በዶማ ቆርጬ ጣልኩት።

ያን ሌሊት በስልኬ ስለሱ ሳነብ አመሸሁ። ስህተቴ የት ላይ እንደሆነ ያኔ ገባኝ። ቁመቱ እስከ አንድ ሜትር ከሃያ ይደርሳል፤ ጎኑም እንደዚያው ስለሚሰፋ ቁጥቋጦ ይመስላል። ቁጥቋጦ ግን አይደለም። ብርድ ሲመጣ ከመሬት በላይ ያለው በሙሉ ጠቁሮ ይሞታል፤ ሕይወቱ ሥሩ ውስጥ ይተኛል። ያን ልጥ መፋቅ የሚሉት ዘዴ እንጨት ላለው ተክል ነው። የእሱን ጉቶ ዓመቱን ሙሉ ብፍቀው ደረቅ ነው የማገኘው። በ2010 እ.ኤ.አ. የአሜሪካ የፔሬኒያል (ከዓመት ዓመት የሚኖሩ) ተክሎች ማኅበር የዓመቱ ተክል ብሎ መርጦታል። ምክንያቱን ለመረዳት አይከብድም፦ ድርቅ ይችላል፣ አጋዘን አይነካውም፣ አንዴ ከተተከለ ለአሥርት ዓመታት ይኖራል። የማይችለው አንድ ነገር ቢኖር ካደገ በኋላ መነቀልን ነው። ያ ቁልቁል የሚወርድ ሥሩ አንዴ ከተቆረጠ ማገገሙ ጭንቅ ነው።

በነጋታው ጉንዱን ፍለጋ ቆሻሻ የምንጥልበት ግቢ ሄድኩ። ተፈጭቷል።

ድርጅቱ ምትክ ገዛ። ከችግኝ ጣቢያ ያገኘነው ፐርፕል ስሞክ የሚሉትን ዝርያ ነው፤ አበባው ጭስ የነካው ሐምራዊ። ሴትዮዋ "ቆንጆ ነው" አሉ፣ "የእኔ ግን ሰማያዊ ነበር።" ፊት ለፊት በኩል፣ ፀሐይ ቀኑን ሙሉ የምትመታበት ላይ ተከልነው። እኔ ደግሞ ጥፋተኛ ነኝና በየሳምንቱ እየሄድኩ ማዳበሪያ አጠጣሁት። እሑድ ሳይቀር፣ ሳይከፈለኝ። ጁላይ ላይ አገዳው ሁሉ ተንዘላዝሎ መሬት ላይ ተኛ። በገመድ አሰርኩት፤ ጠጥቶ የሚደገፍ ሰው መሰለ።

ጋሼ አዩትና ሳቁ። ከዚያ ጉድ በኋላ ሲስቁ ያየኋቸው ያኔ ነው። "አንተ የጎጃም ልጅ፣ ለግብጦ ዩሪያ ትጨምራለህ እንዴ?"

እውነታቸውን ነው። እኛ አገር ግብጦ የሚዘራው የደከመ መሬት ላይ ነው። ከአየር ናይትሮጂን ወስዶ በሥሩ ላይ ባሉ እብጠቶች በኩል ራሱን ይመግባል፤ መሬቱንም ያድሳል። ፎልስ ኢንዲጎም እንደዚያው ነው። ማዳበሪያ ሲበዛለት ቅጠል ብቻ ያወጣና ይወድቃል። ማዳበሪያውን አቆምኩ፤ አበባውን ሲጨርስ ደግሞ አንድ ሦስተኛውን ከርከም እንዲያደርጉት ለሴትዮዋ ነገርኳቸው። በሚቀጥለው ዓመት ቀጥ ብሎ ቆመ።

የድሮውን ግን እንዴት እንመልስ? መፍትሔው የተገኘው ሳሎናቸው ውስጥ ነው። ጠረጴዛ ላይ ብልቃጥ ውስጥ የደረቁ ዘንጎች ነበሩ፤ ጫፋቸው ላይ እንደ አተር እሸት ያበጠ፣ ጥቁር ፍሬ። ሴትዮዋ አንዱን ዘንግ አንስተው ነቀነቁት። ተንሿሿ። እንደ ጸናጽል። ያምና ፍሬ ነው፣ ከዚያው ከነቀልኩት ተክል የተቆረጠ።

ይዤው ቤት ሄድኩ። ፈለፈልኩት። ግማሹን ነቀዝ ጨርሶታል፤ ይሄ ተክል የራሱ ነቀዝ አለው፣ ፍሬው ውስጥ ገብቶ የሚያድር። ደህናው ሃያ ሦስት ፍሬ ወጣው። ቅርፊቱ ድንጋይ ነው፤ ዝም ብለህ ብትዘራው ውሃ አይገባውም። እያንዳንዷን ፍሬ በብርጭቆ ወረቀት ፈገፈግኳት፣ ከዚያ ሙቅ ውሃ ውስጥ ዘፍዝፌ አሳደርኳቸው። ባለቤቴ ወጥ ቤት ገብታ "ምን እየሠራህ ነው?" አለችኝ። "ግብጦ ዘፍዝፌ ነው።" ለመብላት መስሏት ደስ አላት። ወዲያው ነገርኳት፦ ይሄኛው አይበላም፤ መርዛማ ነው፤ ግብጦን እንደምናደርገው ቆልተህ ቀናት ሙሉ ውሃ ብትለዋውጥለትም አይሞከርም። ቡቃያውም የሚያሳስት ነው፤ ሲወጣ አስፓራገስ የሚሉትን አትክልት ይመስላልና ሰው እንዳይቆርጠው።

አሥራ አንዱ በቀሉ። ሥራቸው ሳይረዝም ቶሎ ቦታቸው ላይ መተከል ስላለባቸው ጠንካሮቹን ሦስቱን መርጬ ያ ጥግ ላይ አኖርኳቸው። የቀሩትን ሴትዮዋ ለጎረቤት አደሉ። የመጀመሪያው ዓመት አንድ ስንዝር። በሁለተኛው ጉልበት። "ዘንድሮ ያብባል?" ይሉኛል ባገኙኝ ቁጥር። "ገና ነው።" ከላይ እያዘገመ ታች ሥር እየሰደደ ነው፤ ከፍሬ ሲጀመር ሦስትና አራት ዓመት ይወስዳል። ሦስተኛው ሜይ ላይ አንድ ዘንግ አበበ። አንድ ብቻ። ሰማያዊ። ሁለት ትልልቅ ጸጉራም ንቦች ተጣልተውበት ነበር።

ሥራችን ላይ ሁለት ነገር ተለውጧል። በመጸው ስንቆርጥ አገዳውን አንድ ስንዝር ትተን ብርቱካንማ ባንዲራ እንሰካበታለን፤ የሚቀጥለው ሰው እዚያ ሥር የተኛ ነገር እንዳለ እንዲያውቅ። ሁለተኛው የጋሼ ትእዛዝ ነው፦ ሜይ ሳይገባ የሞተ ተክል የለም። አዲስ ልጅ ሲቀጠር ይቺን ለማስረዳት የሚጠሩት እኔን ነው። ስለ እንቡጦቹም እነግረዋለሁ፣ አይቼ ዝም ማለቴን። ለጋሼ የነገርኳቸው ከዓመት በኋላ ነበር። "አውቄዋለሁ" አሉኝ።

ዘንድሮ በታክስ ቀን ማለዳ ስልኬ ጮኸ። ሴትዮዋ ናቸው፣ ቡናቸውን ፉት ሲሉ ይሰማኛል።

"ቆጠርኳቸው" አሉኝ። "አሥራ ሰባት ሆነዋል።"

አምና ዘጠኝ ነበሩ።