ጊዜያቸው ያለፈ ዕቃዎችን እንገዛለን

ከጓደኞቼ ጋር በየወሩ እየተሰበሰብን የፈጠራ ጽሑፍ እናነባለን። ባለፈው ክረምት ተራው ሲደርሰኝ፣ ከዘመናቸው የተፈናቀሉ ዕቃዎችንና ዕውቀቶችን የሚነግድ አንድ ማኅበር ፈጠርኩ። ማኅበሩ ከአንዱ ዘመን ገዝቶ ለሌላው ይሸጣል፤ ለዐፄ ምኒልክ ዘመን ነጋዴ የሞባይል ካርድ ያቀርባል (ኔትወርኩን ነጋዴው ራሱ ይፈልግ)፣ ለዛሬ ሰው ደግሞ አንድ አሞሌ ጨው ምን ያህል ጤፍ ይገዛ እንደነበር የሚያውቅ ሽማግሌ በሰዓት ያከራያል። ታሪኩ እውነት እንዲመስልልኝ ማስታወቂያ ጻፍኩለት፦ «ጊዜያቸው ያለፈ ዕቃዎችን በጥሩ ዋጋ እንገዛለን። ሒሳብ የምንከፍለው በየትኛውም ዘመን በሚሠራ ገንዘብ ነው።» ከሥሩ የገዛ ስልክ ቁጥሬን ማኖሬ ግን ዛሬም ድረስ የሚቆጨኝ ሞኝነት ነው፤ ምክንያቱም አንዱን ቅጂ ፎቶ ኮፒ ቤቱ ማሽን ላይ ረስቼው ስወጣ፣ የሚሠራው ልጅ ለእኔ አስቦ መስኮቱ ላይ ለጠፈልኝ።

በማግስቱ ጠዋት 2 ሰዓት ላይ የመጀመሪያው ደንበኛ ደወሉ። ባለ ሱቅ ናቸው፤ ጊዜው ካለፈ ገና ወር ያልሞላው ሁለት ካርቶን ብስኩት አላቸው። ሁለተኛው ጊዜው ያለፈበት መንጃ ፈቃድ ስንት እንደሚያወጣ ጠየቀኝ። ሦስተኛው ስማቸውን ሳይናገሩ በጎርናና ድምፅ «የቅርስ አዋጅ ቁጥር 209/1992ን አንብበኸዋል?» ብለው ዘጉት። እኚህ ሰው ማን እንደሆኑ ባላውቅም፣ ከዚያ ቀን ወዲህ አዋጁን አንብቤዋለሁ።

ስልኩን አጥፍቼ በተቀመጥኩበት የጎረቤታችን እማማ በሩን አንኳኩ። ገብተው እንደተቀመጡም የነጠላቸውን ጫፍ ፈትተው አንድ ማርትሬዛ፣ ያችን የኦስትሪያዋ ንግሥት የማሪያ ቴሬዛ ምስል ያለባትን የድሮ ብር፣ መዳፌ ላይ አኖሩልኝ። በአንገት እንድትንጠለጠል አናቷ ላይ ቀለበት ተበይዶላታል፤ የንግሥቲቱ ጉንጭ በመታሸት ብዛት ልሟል፣ የቅቤ ሽታም አላት። ይህን ጊዜ እውነቱን ተናግሬ ይቅርታ መጠየቅ ሲገባኝ፣ ከታች በኩል የተቀረጸውን 1780 ሳይ የማኅበሩ ሥራ አስኪያጅነት ድንገት ተሰማኝ። ጉሮሮዬን ጠርጌ፣ ቀኑ የፈረንጅ እንደሆነ፣ በእኛ አቆጣጠር 1772 ወይም 1773 እንደሚሆን፣ ስለዚህም ብሯ ከ240 ዓመት በላይ እንዳስቆጠረች አስረዳኋቸው። እማማ አማተቡ፤ ብሯን መልሰው ቋጠሩና ሳይሰናበቱኝ ወጡ።

እሑድ ከወንድማቸውና ከሁለት እህቶቻቸው ጋር ተመልሰው መጡ። ለካ እናታቸው ሲያርፉ ብሮቹን ተከፋፍለው ኖሯል፤ አሁን «ጥንታዊቷ» ለእማማ ብቻ ደረሰች ተብሎ ኩርፊያ ተነሥቷል። ሁሉም የየራሳቸውን ጠረጴዛው ላይ ደረደሩ፤ በጠቅላላው ሰባት ብር፣ ሰባቱም 1780። እኔም «እንግዲህ ቅድመ አያታችሁ በአንድ ቀን ገዝተዋቸው ይሆናላ!» አልኩ፤ ወንድምየው ግን ትኩር ብለው አይተውኝ ወደ አንጥረኛው እንሂድ አሉ።

አንጥረኛው ሰባቱንም ተራ በተራ ካዩ በኋላ የእኔን ትንታኔ ሲሰሙ መዶሻቸውን አስቀምጠው ሳቁ። «የኔ ልጅ፣ 1780 የማይል ማርትሬዛ አምጣልኝና እኔም ልደነቅ» አሉኝ። ንግሥቲቱ በዚያ ዓመት ከሞተች በኋላ ገንዘቡን ያመነው ሕዝብ የመልኩን መቀየር አልፈለገምና፣ በዚያው ዓመተ ምሕረት መታተሙ ቀጠለ። ቪየና ብቻም አይደለችም፤ ሙሶሊኒ በ1935 እ.ኤ.አ. የኢትዮጵያን ወረራ ሲያሰናዳ ቅርጹን ወስዶ ሮም ላይ አሳትሟል፣ ለንደንና ፓሪስም አትመዋል። በ1860 ዓ.ም. መቅደላ ላይ የዘመተው የእንግሊዝ ጦር መንገዱን ሁሉ የከፈለው በዚህችው ብር ነበር። (ጦሩ ከቪየና አዲስ የታተመ አሮጌ ገንዘብ አምጥቶ የእኛን ብራና ይዞ ተመለሰ፤ እኔ በፈጠርኩት ማኅበር ይህን ያህል የረቀቀ ንግድ አልነበረም።) አንጥረኛው ቀጥለውም ብሮቹን እየመዘኑ ሃያ ስምንት ግራም መሙላታቸውን አሳዩን፤ በንግሥቲቱ ትከሻ ላይ ባለው ጌጥ ዙሪያ ያሉትን ዘጠኝ ዕንቁዎች ጥፍራቸውን እያሳረፉ ቆጠሩልን፤ የድሮ ነጋዴ ሳይቆጥር አይቀበልም ነበር አሉ። ቀኑን ግን ማንም አያየውም ነበር። ከዚያም ወደ እኔ ዞረው፣ ምን ሥራ እንደምሠራ ጠየቁኝ።

በመንገዳችን ላይ ይቅርታ ስጠይቅ እህትማማቾቹ ስለ ታረቁ ብዙም አልሰሙኝም፤ ወንድምየውም ፎቶ ኮፒ ቤቱ ጋ ሲደርሱ ማስታወቂያውን ከመስኮቱ ገንጥለው ኪሳቸው ከተቱት። እማማ ብቻ ክንዴን ይዘው ወደ ኋላ አስቀሩኝ።

«ንግሥቲቱ ከሞተች በኋላም ሁሏንም በአንድ ዓመት ጻፏት ነው የምትለኝ?»

«አዎ፣ እማማ።»

«ታዲያ ምኑ ይገርማል» አሉና ከቦርሳቸው የቀበሌ መታወቂያቸውን አውጥተው አሳዩኝ፤ የትውልድ ቀን መስከረም 1 ይላል። «የወንድሜም እንዲሁ ነው። የሁለቱም እህቶቼ እንዲሁ ነው። የማን እውነት እንደሆነ እስቲ አንተ ንገረን፣ ማኅበር አለህ አይደል?»