ግዩምሪ፦ የፍሩንዚክ ከተማ

ከአርመን ዋና ከተማ ከየሬቫን ወደ ግዩምሪ የሚወስደው ባቡር ርካሽ ነው፤ ችኮላ ግን አያውቅም። አራራት ተራራ በግራ በኩል ለረጅም ጊዜ አብሮን ተጓዘ። መንገዱ ወደ ሰሜን ሲታጠፍ ደግሞ በቀኝ አራጋትስ ብቅ አለ። አጠገቤ የተቀመጡት ሴትዮ ሱፍ እየፈለፈሉ ለምን ግዩምሪ እንደምሄድ ጠየቁኝ። የእኔ ሩሲያኛ ከሰላምታ አያልፍም። «ፍሩንዚክ» አልኳቸው። ሳቁና በጣታቸው አፍንጫቸውን ነካ አደረጉ። ተግባባን።

ፍሩንዚክ ምክርትችያን አርመናዊ የመድረክና የፊልም ተዋናይ ነው። ያ አፍንጫ ከሩቅ ይታወቃል። እኛ አገር ስሙን የሚያውቅ ጥቂት ነው፤ በደርግ ጊዜ ሶቪየት ኅብረት የተማሩትን ጠይቁ ግን። እኔም የሰማሁት ከአጎቴ ነው። እዚያ የተማረ መሐንዲስ ነው፤ ቡና በተፈላ ቁጥር የፍሩንዚክን ቀልዶች በሩሲያኛ ይደግምና ብቻውን ይስቃል። እኛ የምንስቀው በእሱ ሳቅ ነው። የምሠራው ዱባይ ነው፤ ለዒድ እረፍት ርካሽ ትኬት ስፈልግ የሬቫንን ሳይ ሌላ አማራጭ አላየሁም።

ግዩምሪ ቀዝቃዛ ናት። ወደ 1500 ሜትር ከፍታ ላይ ነች፤ ለአዲስ አበባ ልጅ ከፍታው ምንም አይደለም፣ ንፋሱ ግን ሌላ ነው። የድሮው ሰፈር ቤቶች በጥቁርና በቀይ ድንጋይ የተሠሩ ናቸው። ከተማዋ በዛር ዘመን አሌክሳንድሮፖል፣ ከ1924 ጀምሮ ደግሞ ሌኒናካን ትባል ነበር። (ዓመቶቹና ቀኖቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ፍሩንዚክ የተወለደው በሌኒናካንነቷ ጊዜ፣ ሐምሌ 4 ቀን 1930 ነው። ስሙም የዘመኑን ሽታ ይዟል፤ የቀይ ጦር አዛዥ በነበረው በሚኻይል ፍሩንዜ ነው የተሰየመው። ኋላ ላይ ምኸር የሚል የአርመን ጀግና ስም ወሰደ፤ ሕዝቡ ግን ዛሬም ፍሩንዚክ ነው የሚለው።

ሩስታቬሊ ጎዳና ላይ ሙዚየም አለው። ትልቅ ነገር አትጠብቁ፤ ፎቶዎች፣ ዕቃዎችና የፊልም ማስታወቂያዎች ናቸው። እኔን ያቆመኝ የእናትና የአባቱ ታሪክ ነው። ሁለቱም ከ1915ቱ የአርመናውያን ጭፍጨፋ የተረፉ ወላጅ አልባ ልጆች ነበሩ። ያደጉት በሕፃናት ማሳደጊያ ነው። በዚያ ጊዜ አንድ የአሜሪካ የዕርዳታ ድርጅት በዚችው ከተማ፣ በቀድሞ የሩሲያ ጦር ሰፈሮች ውስጥ ከ20 ሺህ በላይ ልጆችን ያሳድግ ነበር።

ይህን ስሰማ አርባ ልጆች ትዝ አሉኝ። ራስ ተፈሪ በ1924 ኢየሩሳሌም ላይ አይተው ወደ አዲስ አበባ ያመጧቸው የሙዚቃ ጓድ ልጆች ከዚያው እልቂት የተረፉ ነበሩ። መሪያቸው ኬቮርክ ናልባንድያን የንጉሠ ነገሥቱን ዘመን ብሔራዊ መዝሙር ዜማ ደረሰ። የወንድሙ ልጅ ኔርሰስ ደግሞ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በምንለው ቤት ሙዚቃ ላይ ትልቅ አሻራ አለው። አንዱ ወላጅ አልባ እጣው ፒያሳ ጣለው፣ ሌላው ሌኒናካን። አስጎብኚዋ አርባ ልጆችን ታውቃለች! እኔ ልነግራት ስል እሷ ቀደመችኝ።

የፍሩንዚክ ወላጆች በከተማዋ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ተቀጠሩ። ኑሮው ድህነት ነበር። ልጁ ገና በጠዋቱ የሕንፃቸውን ደረጃ መድረክ አድርጎ ለጎረቤት ይተውን ነበር ይባላል። ተመልካቹ ደረጃው ላይ ቁጭ ብሎ ያያል። ትንሽ ቆይቶ በፋብሪካው ክበብ የፊልም ማሳያ ረዳት ሆኖ ሠራ፤ ከዚያ የከተማው ቴአትር። በ1950ዎቹ የሬቫን ሄዶ የቴአትር ትምህርቱን ተማረ፣ በ1956 ሱንዱክያን ቴአትር ገባ። ይህ የአርመን አንጋፋ ቴአትር ነው፤ ለአሥርተ ዓመታት ቤቱ ሆነ።

ዝናውን ያመጣው ግን ፊልም ነው። በ1967 የወጣውን የሌዎኒድ ጋይዳይን «የካውካሰስ እስረኛ» ከ76 ሚሊዮን በላይ ተመልካች ሲኒማ ቤት ገብቶ አይቶታል። ፍሩንዚክ እዚያ የእህቱን ልጅ የሚሸጥ አጎት ሆኖ ይጫወታል። ዋጋው 20 በግና አንድ የፊንላንድ ማቀዝቀዣ ነው። ፊልሙ ውስጥ ሚስቱ የሆነችው በእውነተኛው ሕይወትም ሚስቱ ዶናራ ናት። ከዚያ በ1977 የጆርጂ ዳኔሊያ «ሚሚኖ» መጣ። ከጆርጂያዊው ቫክታንግ ኪካቢድዜ ጋር፣ ሞስኮ ላይ ግራ የተጋባ የከባድ መኪና ሹፌር ሆኖ ይሠራል። ዳኔሊያ ያንን ቦታ ለፍሩንዚክ ይስጠው ወይስ ለዝነኛው ዬቭጌኒ ሌዎኖቭ መወሰን አቅቶት ሳንቲም እንደጣለ ራሱ ተናግሯል። ሳንቲሙ ፍሩንዚክ አለ። ፊልሙ በሞስኮ ፌስቲቫል የወርቅ ሽልማት ወሰደ፣ ፍሩንዚክ በ1978 የሶቪየት መንግሥት ሽልማት ተሰጠው። በ1984 ደግሞ የሶቪየት ኅብረት የሕዝብ አርቲስት ተባለ።

አጎቴ የሚያውቀው ይኼን ፍሩንዚክ ነው፤ አስቂኙን። ግዩምሪ ውስጥ ግን ማንም ስለ በጉና ስለ ማቀዝቀዣው አላነሳልኝም።

ከሙዚየሙ ወጥቼ አንድ ካፌ ገባሁ። ፖንቺክ የሚሉት ክሬም የተሞላ ቦምቦሊኖ አላቸው፤ ሁለት በላሁ፣ ሦስተኛውን ያስጣለኝ ሀፍረት ነው። አስተናጋጁ እንግሊዝኛ የሚችል ወጣት ነበር። የትኛውን የፍሩንዚክ ፊልም ልይ ብዬ ጠየቅኩት። ሳያስብ መለሰ፤ «የልጅነታችን ታንጎ»። ጎን ያሉት ሽማግሌም ጭንቅላታቸውን ነቀነቁ። «ሦስት ማዕዘን» ብለው ጨመሩ።

ማታ ማረፊያዬ ገብቼ «ታንጎን» በትርጉም ጽሑፍ አየሁት። የወንድሙ የአልበርት ምክርትችያን ሥራ ነው፤ 1985። ጊዜው ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት ማግስት፣ ቦታው ሌኒናካን። አንድ ሰው ከጦርነት ተመልሶ ሚስቱንና ልጆቹን ጥሎ የሚስቱ ጓደኛ ቤት ይገባል። ከዚያ ለአንድ ቁም ሳጥን የሚደረገው ጠብ ያስቃል፤ እየሳቅኩ ሳለ መሳቄ አሳፈረኝ። ፍሩንዚክ ፊቱን ሳያጨማድድ፣ ዝም ብሎ ቆሞ ብቻ ጥፋተኛ መስሎ ይታያል። ሚስቱን የምትጫወተው ጋልያ ኖቬንትስም ከእሱ አታንስም፤ አንዳንድ ቦታ እንዲያውም ትበልጠዋለች። «ሦስት ማዕዘን» የሄንሪክ ማልያን ፊልም ነው፤ 1967። የአንድ ትንሽ ብረት ቀጥቃጭ ቤት አምስት ሠራተኞች፣ አምስቱም ምክርቲች የሚባሉ። እንደ እኔ አስተያየት ሞስኮን ያሳቀው ሰውዬ ጎበዝ ነው፤ የራሱን ከተማ ሰው ሲጫወት ግን ሌላ ደረጃ ላይ ነው። ሞስኮ የአፍንጫውን ቀልድ ወሰደች፣ ዓይኑን ያየችለት ግን ግዩምሪ ናት።

እነዚያ ፊልሞች ለከተማው ሰው ሌላ ዋጋም አላቸው። «ታንጎ» ከወጣ ከሦስት ዓመት በኋላ፣ ታኅሣሥ 7 ቀን 1988 ከጠዋቱ 5፡41 ላይ መሬት ተንቀጠቀጠ። በሰሜን አርመን 25 ሺህ ያህል ሰው አለቀ፣ ሌኒናካን ፈራረሰች። የወንድማማቾቹ ሌኒናካን አሁን ያለችው በብዛት ስክሪን ላይ ነው።

የራሱ ሕይወትም ቀላል አልነበረም። ዶናራ በአእምሮ ሕመም ለረጅም ጊዜ ተሠቃየች። መጠጡም ነበር። የሞተው ታኅሣሥ 29 ቀን 1993 የሬቫን ውስጥ ነው። ወቅቱ አርመኖች የጨለማ ዘመን የሚሉት ነበር። ከመሬት መንቀጥቀጡ በኋላ የኒውክሌር ኃይል ማመንጫው ተዘግቷል፣ ከአዘርባጃን ጋር በነበረው ጦርነት ድንበሩ ታግዷል። መብራት በቀን ጥቂት ሰዓት ብቻ ነበር። በዚያ ብርድ፣ በአዲስ ዓመት ዋዜማ፣ በሺዎች የሚቆጠር ሕዝብ ወጥቶ ቀበረው። መቃብሩ ኮሚታስ ፓንተዎን ነው። ከግዩምሪ ስመለስ ሄጄ አየሁት፤ አበባ ነበረበት።

ከመመለሴ በፊት ዲሊጃን ሄድኩ። በደን የተሸፈነች ከተማ ነች። የ«ሚሚኖ» ሹፌር የዚች ከተማ ልጅ ስለሆነ ለእሱ፣ ለኪካቢድዜና በፊልሙ ሌላ ቦታ ለተጫወተው ለሌዎኖቭ ሐውልት ቆሞላቸዋል። ሹፌሩ ፊልሙ ላይ የዲሊጃን የቧንቧ ውሃ ከዓለም ሁለተኛ ነው እያለ ይኩራራል፤ አንደኛው የሳንፍራንሲስኮ ነው አሉ። ለአጎቴ ደወልኩለት። «ጋሼ፣ እስቲ የት እንዳለሁ ይገምቱ» ስለው ሳይገምት «ውሃውን ቀምሰሃል?» አለኝ። ቀመስኩ። ቀዝቃዛ ነው፣ ጥሩ ነው። ሁለተኛ መሆኑን ለመመስከር ግን የሳንፍራንሲስኮውን መቅመስ ያስፈልጋል፤ እሱ ደግሞ በአሜሪካ ኤምባሲ መልካም ፈቃድ ነው።