«ማን ከፈለ?» እያልን ፍሎረንስን ዞርናት

ጣሊያን አገር ፍሎረንስ ውስጥ አስጎብኚ ከመቅጠሬ በፊት አጭር መልእክት ጻፍኩላቸው። «የሕዳሴ ዘመን (ሬኔሳንስ) የሥዕልና የሕንፃ ሥራዎችን ማየት እፈልጋለሁ። ስለ እያንዳንዱ ሥራ ግን መጀመሪያ ማን እንዳሠራው፣ ገንዘቡንስ ለምን እንዳወጣ ይንገሩኝ።» መልሳቸው በዚያው ቀን መጣ። «እንግዲያው ከትልቁ ካቴድራል አንጀምርም» አሉኝ። ትክክለኛዋን ሰው እንዳገኘሁ ያኔ ገባኝ።

ጥያቄውን ያመጣሁት ዝም ብዬ አይደለም። ቀደም ሲል ሌላ ከተማ ውስጥ ከብዙ ሰው ጋር ጎብኝቼ ነበር። ጃንጥላ ከፍ አድርጎ የሚሮጥ አስጎብኚ፣ ጆሮ ላይ የሚንኮሻኮሽ ማዳመጫ፣ የስምና የዓመተ ምሕረት ናዳ። ማታ ላይ ምን አየሽ ብትሉኝ አንድም ነገር በቅጡ መናገር አልችልም ነበር። ሰው ታሪክ የሚይዘው ክር ሲኖረው ነው። ፍሎረንስ ደግሞ የነጋዴና የባንክ ከተማ ነበረች። ክሩ ገንዘብ ቢሆንስ አልኩ።

አብራኝ የሄደችው ታናሽ እህቴ ናት። ቦሎኛ ውስጥ ሲቪል ምህንድስና ትማራለች። ከቦሎኛ ፍሎረንስ በፈጣኑ ባቡር አርባ ደቂቃ ገደማ ነው። ሥዕል ብዙም አይስባትም። «የካቴድራሉን ጉልላት ካሳየሽኝ ይበቃኛል» ብላ ነው የመጣችው። ሁለት የክፍል ጓደኞቿን ጨመርን። የግል አስጎብኚ ብዙ ጊዜ የሚያስከፍለው በሰዓት ለቡድኑ እንጂ በነፍስ ወከፍ አይደለም። ተካፍለን ስናየው ከትልቁ ቡድን ዋጋ ብዙም አልራቀም። ጣሊያን ውስጥ አስጎብኚ ፈቃድ ሊኖረው ይገባል፤ መታወቂያውን አንገቱ ላይ ያንጠለጥላል። በአማርኛ የሚያስጎበኝ ስላላገኘን በእንግሊዝኛ ተስማማን። (ዓመቶቹን እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።)

የጀመርነው ከሕፃናት ማሳደጊያ ነው። ኦስፔዳሌ ዴሊ ኢኖቼንቲ ይባላል። ፊሊፖ ብሩኔሌስኪ በ1419 የጀመረው ሕንፃ ነው። የከፈለው የሐር ነጋዴዎችና ሠሪዎች ማኅበር ነው። ወርቅ አንጥረኞችም በዚሁ ማኅበር ሥር ነበሩ፤ ብሩኔሌስኪም ሙያውን የጀመረው በአንጥረኛነት ነው። ከፊት ለፊቱ በቀጫጭን ዓምዶች ላይ የቆሙ ክብ ቅስቶች አሉ። ከቅስቶቹ በላይ አንድሪያ ዴላ ሮቢያ የሠራቸው በጨርቅ የተጠቀለሉ ሕፃናት በሰማያዊ መደብ ላይ ተደርድረዋል።

አስጎብኚያችን በሃምሳዎቹ ዕድሜ ያሉ ሴት ናቸው። ምንም ከማስረዳታቸው በፊት «በእርምጃ ለኩት» አሉን። እህቴ ለካች። በሁለት ዓምዶች መካከል ያለው ስፋትና ከዓምዱ እስከ ኋላው ግድግዳ ያለው ርቀት እኩል ሆነ። የዓምዱ ቁመትም ያው ነው አሉን። ሥዕል የማይስባት ልጅ ከዚያ በኋላ ያየችውን ዓምድ ሁሉ መለካት ጀመረች።

ከጸጥተኛ ሕንፃ መጀመር የሚጠቅመው ለዚህ ነው። ግራጫ ድንጋይ፣ ነጭ ግድግዳ፣ ክብ ቅስት፣ እኩል ልክ። ዓይን ይህን ከለመደ በኋላ ሌላው ቦታ ላይ ማንም ሳይነግረው ያውቀዋል። በቀጥታ ዱኦሞ የሚባለው ትልቁ ካቴድራል ፊት ብትቆሙ ግን ያ ሁሉ ባለቀለም እብነ በረድ ያደናግራችኋል። ደግሞ የካቴድራሉ ፊት የሕዳሴ ዘመን አይደለም። በ1887 የተጠናቀቀ ነው። ብዙ ሰው ግን ሕዳሴን አገኘሁ ብሎ ፎቶ የሚነሣው እዚያ ነው።

ቀጥሎ ከካቴድራሉ ፊት ለፊት ያለው የመጥመቂያው ቤት በሮች ናቸው። በ1401 ለአንደኛው በር ውድድር ወጣ። ያወጣው ካሊማላ የሚባለው ማኅበር ነው፤ ከውጭ ጨርቅ አስመጥተው፣ አሳምረው የሚሸጡ ነጋዴዎች ናቸው። የፈተናው ርዕስ የይስሐቅ መሥዋዕትነት ነበር። ሎሬንዞ ጊቤርቲና ብሩኔሌስኪ ያቀረቧቸው ሁለት ሥራዎች ዛሬም ባርጄሎ ሙዚየም ውስጥ አሉ። ያሸነፈው ጊቤርቲ ነው። ሥራው ውብ ነበር፤ በዚያ ላይ የፈጀው ነሐስ ከተቀናቃኙ ያነሰ ነበር። ለነጋዴ ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

እዚህ ላይ እኛ አንድ ነገር ተርፎናል። አስጎብኚያችን አብርሃም ማን እንደሆነ፣ በጉ ከየት እንደመጣ ለማስረዳት ሲጀምሩ «እሱን እናውቀዋለን» አልናቸው። ለብዙ ጎብኚ መጽሐፍ ቅዱሱን ከመጀመሪያው ማስረዳት እንዳለባቸው ነገሩን። እኛ ዘንድ ያ ጊዜ ለአሠራሩ ዋለ። የብሉይ ኪዳንን ታሪክ እየሰማችሁ ካደጋችሁ ቀድማችሁ ንገሯቸው።

ጊቤርቲ ሁለተኛውንና በወርቅ የተለበጠውን በር ከ1425 እስከ 1452 ሠራው። አሥር የተቀረጹ ሥዕሎች አሉት። ዛሬ በሩ ላይ ያለው ቅጂ ነው፤ ዋናው የዱኦሞው ሙዚየም ውስጥ ነው። ከታች በስተቀኝ ያለችውን ፈልጉ። ንጉሥ ሰሎሞንና ንግሥተ ሳባ እጅ ለእጅ ተያይዘው ቆመዋል። አስጎብኚያችን ይህን ሥዕል የምሥራቅና የምዕራብ አብያተ ክርስቲያናትን አንድ ለማድረግ ከተደረገው ጥረት ጋር የሚያያይዙት ተመራማሪዎች እንዳሉ ነገሩን። ለዚህ የተሰበሰበው ጉባኤ የአንድነቱን አዋጅ በ1439 ያወጀው እዚያው አጠገብ፣ ካቴድራሉ ውስጥ ነው።

እኔም የማውቀውን ጨመርኩላቸው። በ1441 ከኢየሩሳሌም የተነሡ ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ለዚያው ጉባኤ እዚህ ከተማ መጥተዋል። የዘርዐ ያዕቆብ ዘመን ነው። ጉልላቱ ከተዘጋ ገና አምስት ዓመቱ ነበር፤ አናቱ ላይ ያለው ፋኖስ መሰል ግንብ እንኳ አልተሠራም። ጳጳሱ አውጄንዮስ አራተኛ ያኔ የሚቀመጡት ሳንታ ማሪያ ኖቬላ ገዳም ነበር። አስጎብኚያችን ማስታወሻቸውን አውጥተው ጻፉት። ጥሩ አስጎብኚ የምለው እንዲህ ያለውን ነው።

ጉልላቱ ጋ ስንደርስ እኔ ዝም አልኩ፤ መድረኩ የእህቴ ሆነ። የከፈለው የሱፍ ነጋዴዎች ማኅበር ነው። ካቴድራሉ በ1296 ተጀምሮ ከመቶ ዓመት በላይ ጉልላት አልነበረውም። ክፍተቱ ወደ 45 ሜትር ይጠጋል። መሠረቱ ደግሞ ከመሬት ከ50 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ነው። ያን ሁሉ ከሥር በእንጨት ደግፎ መገንባት የማይታሰብ ነበር። ብሩኔሌስኪ ከ1420 እስከ 1436 ያለዚያ ድጋፍ ሠራው። ሁለት ቅርፊት ነው፤ አንዱ በሌላው ውስጥ። ጡቦቹን እንደ ዓሣ አጥንት አሰባጥሮ ደረደራቸው። ማያያዣው ገና ያልደረቀ ጡብ ተንሸራቶ እንዳይወድቅ በየመሃሉ ቆሞ የሚይዘው ሌላ ጡብ አለ። እያንዳንዱ ዙር ሲዘጋ ራሱን ይሸከማል። ድንጋዩን የሚያነሣው ማሽን በበሬ ይሽከረከር ነበር፤ በሬዎቹን ማዞር ሳያስፈልግ ዕቃ ያወጣል፣ ያወርዳል።

«ዙሩ ከመዘጋቱ በፊትስ?» አለች እህቴ። አስጎብኚያችን ሳቁና ጡብ አሰባጥረው በወረቀት ላይ ሳሉላት። ሁለቱ እዚያ ቆመው ሲነጋገሩ እኛ ቡና ጠጥተን ተመለስን። 463ቱን ደረጃ የወጣነው በማግስቱ ብቻችንን ነው። መንገዱ በሁለቱ ቅርፊቶች መካከል ያልፋል። ቲኬቱ ሰዓት ተቆርጦለት ቀድሞ የሚያዝ ነው፤ ሄጄ እገዛለሁ ብትሉ አይሆንም። ጉልበት ለሚያማቸው አልመክርም።

ከሁሉ ያሳቀን ኦርሳንሚኬሌ ነው። ድሮ የእህል ገበያ የነበረ ሕንፃ ነው፤ በኋላ ቤተ ክርስቲያን ሆነ። በውጭ ግድግዳው ዙሪያ የከተማዋ ማኅበራት የየራሳቸውን ጠባቂ ቅዱስ ሐውልት አቆሙ። ካሊማላ ለመጥምቁ ዮሐንስ ከሰው ቁመት የሚበልጥ የነሐስ ሐውልት በጊቤርቲ አሠራ። የባንከሮቹ ማኅበር ይህን ሲያይ እሱም ጊቤርቲን ጠራ። በ1419 ውል ገባና የእኛ ቅዱስ ማቴዎስ መጠኑ ቢያንስ የካሊማላን ዮሐንስ ያህል ይሁን ብሎ አስጻፈ። ድሃ የሆኑት ማኅበራት ደግሞ በእብነ በረድ ተወሰኑ። የጦር ዕቃና ሰይፍ ሠሪዎቹ ግን በእብነ በረዱ ዶናቴሎን የመሰለ ቀራጭ አገኙ፤ ቅዱስ ጊዮርጊሳቸው ከነሐሶቹ በላይ ስም አለው። ውጭ የምታዩዋቸው ቅጂዎች ናቸው። «ይሄ ዋናው ነው ወይስ ቅጂ?» ብሎ መጠየቅ ፍሎረንስ ውስጥ ነውር የለውም። ሁሌም ጠይቁ።

የመጨረሻው ሳንታ ማሪያ ኖቬላ ነው። የፊቱን ግድግዳ ሌዮን ባቲስታ አልቤርቲ ነደፈው። ማን እንደከፈለ መጠየቅ አላስፈለገንም። ጆቫኒ ሩቼላይ የሚባለው ነጋዴ ስሙን ከ1470 ጋር በትልልቅ የላቲን ፊደል ግንባሩ ላይ አጽፎታል። ውስጥ የሠዓሊው የማሳቺዮ ሥላሴ አለ፤ 1427 ገደማ የተሣለ። ግድግዳው ተቦርቡሮ ወደ ውስጥ ክፍል ያለ ይመስላል። ከታች ግራና ቀኝ ባልና ሚስት ተንበርክከዋል፤ ሥዕሉን ያሠሩት ናቸው። እኛ አገር ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ከእመቤታችን እግር ሥር ተደፍቶ የሚሣለው አሠሪ ወዲያው ነው ትዝ ያለኝ። የእኛው ተደፍቶ፣ ትንሽ ሆኖ ይሣላል። ማሳቺዮ ግን አሠሪዎቹን ከቅዱሳኑ እኩል አግዝፏቸዋል። በሕዳሴ ዘመን ምን ተለወጠ ለሚለኝ ሰው መጀመሪያ የማሳየው ይህን ነው።

ጉብኝቱ ሦስት ሰዓት ያህል ወሰደ። ከዚያ በላይ ጆሮም እግርም አይችልም። ሙዚየሞቹን ሆን ብለን ለማግስቱ አቆየናቸው፤ አስጎብኚም አልወሰድንም። መንገድና ቤተ ክርስቲያን ላይ ያለ ሥራ ማን፣ ለምን፣ ለማን የሚለውን የሚነግር ሰው ይፈልጋል። ሙዚየም ውስጥ ግን የምፈልገው የራሴን ፍጥነት ነው። የአንዱ ሥዕል ፊት ግማሽ ሰዓት እቆማለሁ፣ ሌላውን ክፍል በሩጫ አልፋለሁ። ገንዘባችሁ ለአንዱ ብቻ ከበቃ ለመንገዱ አውሉት።

ጥቂት ነገሮች ልጨምር። ኡፊዚና የዳዊት ሐውልት ያለበት አካዴሚያ የሚባሉት ሙዚየሞች ሰኞ ዝግ ናቸው። ትከሻና ጉልበት ሳይሸፈን ቤተ ክርስቲያን አትግቡ። ነጠላ ቦርሳ ውስጥ ይያዝ፤ ለዚህ ከእሱ የተሻለ የለም። የማሳቺዮ ሌላው ታላቅ ሥራ ያለበት የብራንካቺ ጸሎት ቤት የሚያስገባው ጥቂት ጥቂት ሰው ነው፤ ቀድማችሁ ተመዝገቡ። የሳን ማርኮ ገዳምን ደግሞ አትለፉት። በየመነኮሳቱ ክፍል ፍራ አንጄሊኮና ረዳቶቹ የሣሉት ሥዕል አለ። ያሠራው ባንከሩ ኮሲሞ ደ ሜዲቺ ነው። በአራጣ ያገኘው ገንዘብ ኅሊናውን ቢከብደው ጳጳሱ ገዳም ሥራ አሉት ይባላል። ለራሱም አንድ ክፍል አስቀርቷል፤ ከመነኮሳቱ ክፍል ሰፋ ያለ ነው።

ኡፊዚ ስትገቡ የሠዓሊውን የቦቲቼሊን ክፍል ማንም ያሳያችኋል። እኔ የምለው በረጅሙ ኮሪደር ስትሄዱ ቀና በሉ። ከጣሪያው ሥር የታዋቂ ሰዎች ምስል ተደርድሯል። ከእነሱ አንዱ አፄ ልብነ ድንግል ናቸው። ንጉሡ ለጳጳሱ የላኩት ደብዳቤ በ1533 ቦሎኛ ላይ ለክሌመንት ሰባተኛ ቀረበ። ክሌመንት ራሳቸው የሜዲቺ ቤተሰብ ልጅ ናቸው። ደብዳቤውን ወደ ላቲን የመለሰው ፓኦሎ ጆቪዮ ኮሞ ከተማ በሚገኘው ቤቱ የታላላቅ ሰዎችን ምስል ይሰበስብ ነበር። በኋላ ሌላው የሜዲቺ ሰው፣ መስፍኑ ኮሲሞ ቀዳማዊ፣ ክሪስቶፋኖ ዴል አልቲሲሞ የተባለውን ሠዓሊ ልኮ ስብስቡን ማስገልበጥ ጀመረ። ኡፊዚ ያለው ያ ግልባጭ ነው።

«ቦሎኛ? እኔ የምማርበት ቦሎኛ?» አለች እህቴ። አዎ እሱ ነው። ምስሉ በጣም ከፍ ብሎ ስለተሰቀለ በደንብ የሚያቀርብ ካሜራ ያለው ስልክ ያስፈልጋል። በባዶ ዓይን ፊታቸው አይለይም።